የጎሕ ከተማ ባላደራዎች

የቤታችን በር መወርወሪያ ላይ እጄ የማይደርስ ልጅ ሳለሁ፣ ጎንደር ቁስቋም ከቤተ ክርስቲያኑ ቁልቁል ባለው ግቢያችን ውስጥ አያ ታከለ የሚባሉ ኮርቻ ሰፊ ተከራይተው ይኖሩ ነበር። ስለእሳቸው ልጽፍ ካሰብሁ ብዙ ዓመት ሆነኝ፤ ሁልጊዜ ሌላ ሥራ ይቀድመኝ ነበር። ባለቤቴ አስማረ ከሞተ ወዲህ ግን ቤቱ ጸጥ ብሏል። ልጆቹ ወደየሥራቸው ተመልሰዋል፤ ከእህቴ ከስንዱ ጋር ደግሞ አልነጋገርም።

የማልነጋገርበትን ምክንያት ከዚሁ ልጻፈው፤ አያ ታከለን ያስታወሰኝ እሱ ነውና። አስማረ ያረፈው ሆስፒታል ተኝቶ ሳለ፣ ከቀትር በኋላ ነበር። የዚያን ቀን የማስታመሙ ተራ የወንድሙ ስለነበር እኔ ልብስ ላጥብ ብዬ ቤት ነበርሁ። ስንዱ ያኔውኑ ሰማች። አዘዞ ካለው ቤቷ በሚኒባስ መጥታ እራት አብራኝ በላች፤ አጠገቤ ተኛች፤ አንዲት ቃል ሳትተነፍስ አደረች። ሲነጋ ዘመድ ግቢውን ሞልቶት መርዶው ተነገረኝ። የአገሩ ወግ መሆኑን አውቃለሁ። እኔ ራሴ ገና ሳይነጋ በሰው ደጅ ቆሜ መርዶ አርድቻለሁ። ቢሆንም ባሌ ሞቶ እኔ ሳላውቅ ተኝቼ አድሬያለሁ፤ ያን ማታ ከእኔ ላይ እንድትወስድ ማን ፈቀደላት? ይህን ጥያቄ ከሐዘኑ ማግሥት ጀምሮ በሆዴ ይዤው ከረምሁ። ስትደውል ስልኩን አላነሳም።

የአያ ታከለ ክፍል ከእኛ ቤት ጀርባ ነበረች፤ አንድ በር፣ አንዲት ትንሽ መስኮት። ሰው ሲገባባት መጀመሪያ የሚቀበለው፣ ውሃ የጠጣ ቆዳ ሽታ ነው፤ ቀጥሎ የሰም። ሰሙን በገል አድርገው ማንደጃው ጠርዝ ላይ ያስቀምጡታል፤ ፍሙ ቀስ እያለ ያለሰልሰውና የሚሰፉበትን ክር በዚያ እየሳቡ ያጠነክሩታል። ፋኖሱ ከራሳቸው በላይ ከምሰሶው ተሰቅሎ፣ ብርጭቆው ባንድ ጎኑ ጠቁሮ፣ ግማሽ ፊታቸውን ብቻ ያበራ ነበር። ያኔ የበራው ግማሽ ኮርቻ የሚሰፋው፣ የጨለመው ግማሽ ደግሞ ተረቱ የሚመጣበት ይመስለኝ ነበር።

እራት ከተበላ በኋላ አባቴ ጋቢውን ደርቦ፣ እኔ እሱን ተከትዬ ወደዚያች ክፍል እንሄዳለን። ሁለቱ ሳይሰዳደቡ ወሬ መጀመር አይሆንላቸውም ነበር።

«ታከለ፣ ይኸ ኮርቻ ለበቅሎ ነው ለዝሆን?» ይላል አባቴ ገና ከበሩ።

«ኮርቻ አይደለም፤ ለምላስህ ልጓም ነው። የሚችለው ጠፍር አጣሁለት እንጅ እስካሁን ባለቀ ነበር» ይላሉ አያ ታከለ ከሥራቸው ቀና ሳይሉ።

አባቴ ይስቅና ቁርበቱ ላይ ይቀመጣል፤ እኔም ከማንደጃው አጠገብ ጉልበቴን አቅፌ እጠብቃለሁ።

አያ ታከለ አንድ ልጅ ነበራቸው፤ ሙሉቀን ይባላል። እናቱ ከሞተች ጀምሮ ብቻቸውን ያሳደጉት ልጅ ነው። ያኔ የጭነት ማኪና ረዳት ሆኖ በሊማሊሞ ገደል መንገድ ሰሊጥ ያመላልስ ነበር። ጎንደር ባደረ ቁጥር ናፍጣ ናፍጣ እየሸተተ መጥቶ ከአባቱ ደጅ ላይ እያፏጨ ይታጠባል። «ፉጨቱን ተወውና አንገትህን እሸው» ይሉታል። ሲሄድ ግን መስፋታቸውን አቁመው ከመንገዱ ማጠፊያ እስኪሰወር ያዩታል።

ተረታቸው ሁሉ ስለ አንድ አገር ነበር። ጦጣና ጅብ አያወሩበትም፤ ንጉሥ ልጁን አይድርበትም። ከራስ ደጀን ማዶ፣ ጉም ከሚያድርበት ገደል በታች፣ ጎሕ የሚባል ከተማ አለ ይሉን ነበር። በዚያ ከተማ ጊዜ እንደኛ አገር በራሱ አይመጣም። የዕለት ባላደራዎች የሚባሉ ማኅበርተኞች አሉ፤ ሰው ሳይነቃ ተነሥተው፣ ዕለቱን ከትልቁ ጥቅል ፈትተው፣ ውሃ አርከፍክፈው፣ በሁለት ገደል መካከል እንደ ቆዳ ይወጥሩታል። ሰዉ በዚያ ላይ ሲነግድ፣ ሲጣላ፣ ሲታረቅ ይውላል። ሲመሽ ባላደራዎቹ ጠቅልለው፣ ጥቅሉን በትከሻቸው ተሸክመው ወደ ማኅበራቸው አዳራሽ ይገባሉ። ወደ አዳራሹ የሚገባ ሰው በሩ ላይ ይምላል፤ መሐላውም ለራሱ አንዲት ቅጽበት እንኳ እንዳይስብ ነው።

ቆዳ የሚያውቁ ሰው ስለነበሩ ጊዜንም የሚያውቁት በቆዳ ነበር። እርጥብ ቆዳ ሲስቡት ይረዝማል፤ የረዘመው ግን ከሌላ ቦታ ተቀንሶ ነው፤ መሐሉ ሲሰፋ ጠርዙ ይሸበሸባል። ባላደራዎቹም ለቸገረው ሰው ሰዓት መዘርጋት ይችላሉ፤ የሚቀነሰው ግን ከራሳቸው ዕድሜ ነው። ስለዚህ በጎሕ ገበያ የወጣት ፊትና የሽማግሌ እጅ ያለው ሰው ከታየ ባላደራ ነው ማለት ነው፤ ሰዉ መንገድ ይለቅለታል። አያ ታከለ ይህን ሲሉ የራሳቸውን እጅ አያለሁ፤ ወስፌ የበሳው፣ ሰም የገባበት፣ ከፊታቸው ይልቅ ያረጀ እጅ ነበር። ባላደራ ናቸው ብዬ ለጓደኞቼ አውርቻለሁ።

ትናንትን መልሶ መሳብ ደግሞ በማኅበሩ ክልክል ነው። አንድ ባላደራ በሀብታም ተለምኖ ሞከረና ቆዳው ተቀደደ፤ በቀዳዳው የአንድ ሰፈር ቀትር ወደ ገደሉ ወደቀ። ከዚያ ወዲህ ያ ሰፈር ቀትር የለውም። ሰዎቹ ከጠዋት በቀጥታ ማታ ይገቡና ምሳ ምን እንደሆነ አያውቁም።

«ምስኪኖች» አልሁ እኔ።

«ምነው? ሴቶቹ ሸጋ ዕረፍት አላቸው» አሉኝ።

ይህን ለእናቴ ስነግራት «እዚያ ሰፈር ቤት ይፈልጉልኝ በያቸው» አለች።

የሰነፉ ተማሪም ተረት ነበረች። የፈተናውን ዕለት እጠፉልኝ ብሎ ባላደራዎቹን አስጨነቃቸው፤ አጠፉለት፤ በእጥፋቱ ውስጥ ግን ጥምቀትም አብሮ ገባና ከተማው ሁሉ ነጭ ለብሶ ሲጨፍር እሱ ብቻ ዓመት ሙሉ በዓሉን ሲጠብቅ ከረመ። ያኔ ጥምቀት ለእኔ ቀሐ ወንዝ ወርዶ ውሃ መረጨት ነበርና ከፈተና መውደቅ የሚብስ ቅጣት እንዳለ ያወቅሁት ከዚያ ተረት ነው። ከሁሉ ረጅሟ ግን የሸክላ ሠሪዋ ተረት ነበረች። አንድ ማታ አትበቃትም፤ ተጀምራ ብዙ ጊዜ ሳታልቅ እንቅልፍ ይዞኝ ይሄዳል።

አንድ ቀን ከትምህርት ቤት ስመለስ አባቴን በማይገባበት ሰዓት ቤት አገኘሁት። ከእናቴ ጋር ማድ ቤት ቆመው በሹክሹክታ ያወራሉ። ሊማሊሞ የሚል ሰማሁ፤ ማኪናው ተገለበጠ የሚል ሰማሁ፤ ከዚያ ሙሉቀን የሚል። ቦርሳዬን ጣልሁት። እናቴ ዞር ብላ ሳልጮኽ አፌን በእጇ ያዘችው።

የአያ ታከለ ወንድም ዳባት ነበር የሚኖረው። እሱ ማታ ደርሶ ዘመድ ቤት እንዲያድርና መርዶው ጎሕ ሲቀድ እንዲነገር ተወስኖ ነበር።

«ዛሬ ወደ ታከለ እንዳትሄድ» አለ አባቴ።

«ልጂቱ አንድ ማታ ቀርታ አታውቅም። ካልሄደች ይጠረጥራሉ» አለች እናቴ። «መሄድ የሌለብህስ አንተ ነህ። ፊትህን አይተኸዋል?»

«ልጅ ናት፤ ያመልጣታል።»

«አያመልጣትም።» ከዚያ ከፊቴ ተንበርክካ ሁለት ትከሻዬን ያዘችኝ። «የሺ፣ ስሚኝ። ዛሬ እራታቸውን ይብሉ፤ ይሥሩ፤ ይተኙ። ነገ ሲነጋ ሰው ሁሉ ከብቧቸው፣ ወንድማቸው ይዟቸው ይሰማሉ። አንቺ ካለቀስሽ ግን ብቻቸውን ነው የሚሰሙት፣ በጨለማ። ገባሽ?»

ገብቶኛል አልሁ። ያኔ የገባኝ አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ የአንድ ሰው የመጨረሻ የሰላም ማታ በእኔ አፍ ላይ መሆኑ።

እናቴ ሽሮና እንጀራ በሳህን አድርጋ ሰጠችኝና ብቻዬን ሄድሁ። አያ ታከለ የአንድ ቄስ በቅሎ ኮርቻ ጉልበታቸው ላይ አድርገው ይሰፉ ነበር።

«አባትሽስ?» አሉኝ ሳህኑን ሲቀበሉ።

«ጥርሱን አሞት ተኝቷል።»

«ምላሱን ቢያመው አልነበር ሰፈሩ የሚያርፍ።»

ሳቅሁ። ሳቁ ከሚገባው በላይ ትልቅ ሆኖ ወጣ፤ ጉሮሮዬን ሲቧጥጠኝ እስከዛሬ ይሰማኛል። እሳቸው በሉ፤ እኔ ፍሙን በስንጥር እየቆሰቆስሁ እንዳያዩኝ አቀርቅሬያለሁ። ዝምታው አስፈራኝ። ዝም ካሉ አለቅሳለሁ፤ ስለዚህ ዝም እንዳይሉ የምታደርገውን፣ ረጅሟን ተረት ጠየቅሁ። «አያ፣ የሸክላ ሠሪዋን ይንገሩኝ» አልሁ። ከርዝመቷ በቀር ስለ ሌላ ነገሯ አላሰብሁም ነበር።

ጀመሩ። በጎሕ ዳር አንዲት ሸክላ ሠሪ ነበረች። የክረምት የበጋ ሥራዋን ሁሉ ደርድራ እሳት ለቃበታለች። እሳቱ መሐል ላይ ከተተወ ሁሉም ይሰነጠቃል፤ ስለዚህ ከአጠገቡ አትንቀሳቀስም፤ እንጨት ትጨምራለች፤ ታያለች። በዚያው ሰዓት አንድ መልክተኛ ከሩቅ አገር ለእሷ የሚነገር ከባድ ቃል ይዞ ወደ ከተማዋ በር ይመጣ ነበር።

የደነገጥሁት ያኔ ነው። ተረቷን ከዚያ በፊት ሰምቻታለሁ፤ መልክተኛው እንዳለባት ግን ከአእምሮዬ ወጥቶ ነበር።

«አያ፣ ይችን ይተዋትና የተማሪውን ይንገሩኝ» አልሁ።

ክሩን በሰሙ ውስጥ እንደያዙ እጃቸው ቆመ። «ምነው? አንቺው አይደለሽ የጠየቅሽ?»

«ረዝማብኝ ነው።»

«ረዘመች ብለን መልክተኛውን ከመንገድ ላይ እንተወው?»

ሲያዩኝ ተሰማኝ፤ እኔ ዓይኔን ከፍሙ አላነሳሁም። ከዚያ ክሩ እንደገና በሰሙ ውስጥ ሲሄድ ሰማሁ፤ ተረቷም ቀጠለች።

ባላደራዎቹ መልክተኛውን ከግንቡ ላይ አዩት። «ከሰዓት በኋላውን እንዘርጋላት» አሉ አንዳንዶቹ። ከመካከላቸው በዕድሜ ትንሿ፣ ከእኔ ብዙም የማትበልጥ፣ «ይኸ መዋሸት አይሆንም?» ብላ ጠየቀች። የማኅበሩ አለቃ «መልክተኛውን አንመልሰውም፤ መድረሱ አይቀርም። እኛ እጇ ከእሳቱ እስኪወጣ ብቻ ነው የምንይዝለት» አላት። ከዚያ ውሃ አርከፈከፉ፤ ዙሪያውን ይዘው ሳቡ። መልክተኛው ይሄዳል፤ በሩ ግን አይቀርበውም። አንድ ሾላ አልፎ ጥቂት ሲሄድ ያው ሾላ ከፊቱ ቆሞ ይጠብቀዋል። የትንሿ ባላደራ ጸጉር፣ የቆዳውን ጫፍ በያዘችበት፣ ከግንባሯ ጀምሮ እየነጣ ሄደ።

በሌላ ጊዜ ሲነግሩኝ ሸክላ ሠሪዋ ገንቦዎቿን አውጥታ ስታበቃ መልክተኛው ይገባ ነበር። ያን ማታ ግን አልገባም። ገንቦዎቹን ካወጣች በኋላ አያ ታከለ እጇን አስታጠቧት። ዶሮዎቿን አስከተቷት። ጎረቤቷ ለብድር መጣች፤ ስለ ዝናቡ አወሩ። አንዱን ገንቦ መታ መታ አድርጋ ድምፁን አዳመጠች፤ ሸጋ ነበር። መልክተኛው ከሾላው ሥር ነው፤ ባላደራዎቹ ክንዳቸው እየተንቀጠቀጠ ይዘዋል፤ አያ ታከለ ደግሞ ድምፃቸውን ዝቅ እያደረጉ ለሴትየዋ ሌላ ሥራ፣ ሌላ ሥራ ይፈልጉላታል። ፋኖሱ ጋዙ እያለቀ መሰለኝ፣ ብርሃኑ ቀላ። የቁርበቱ ሙቀት ወሰደኝ። መልክተኛው ሳይገባ ተኛሁ፤ እናቴ መጥታ አቅፋ ወሰደችኝ።

ጎሕ ሲቀድ ሽማግሌዎቹና ወንድማቸው ግቢ ገቡ። እኔ በመስኮት አያለሁ። የአያ ታከለ በር ክፍት ነበር። ኮርቻውን ከጥግ አስቀምጠው፣ ፍሙን በአመድ ዳፍነው፣ ለሰው መቀመጫ ቁርበቱን ደጅ አንጥፈው፣ ንጹሕ ጋቢያቸውን ለብሰው ተቀምጠዋል። ወንድማቸው ቃሉን ተናግሮ እስኪጨርስ ምንም እንደማያውቅ ሰው አንገታቸውን ደፍተው ሰሙት። ከዚያ ጮኹ። ያን ጩኸት መግለጽ አልችልም፤ ልሞክርም አልፈልግም።

«አውቆት ነበር» ሲባባሉ ሰማሁ ለቅሶ የመጡት። ያኔ ያሳወቅኋቸው እኔ እንደሆንሁ እርግጠኛ ነበርሁ፤ ያችን ተረት በመጠየቄ፣ ቀጥሎም ይተዋት በማለቴ። ተዝካሩ እስኪወጣ ወደዚያች ክፍል አልደረስሁም። ባዩኝ ቁጥር ከቤት ጓሮ እሰወር ነበር።

በኋላ አንድ ቀን ከደጃቸው ተቀምጠው ጠፍር ሲቆርጡ ማምለጫ አጥቼ ፊት ለፊት ተገናኘን።

«የሺ፣ ተጣላን እንዴ?» አሉኝ።

ማልቀስ ጀመርሁ። «እኔ ነኝ ያሳወቅሁዎት» አልሁ።

«አንቺ?» ቢላዋቸውን አስቀመጡ። «ያሳወቀኝስ አባትሽ ነው። የዚያን ቀን በዚህ ሲያልፍ ‹እንደምን ዋልህ ታከለ› አለኝ። ስንኖር እንዲህ ብሎኝ አያውቅም። ሳይሰድበኝ ሲያልፍ አንድ ነገር እንዳለ አወቅሁ። ለእኔ ደግሞ ምን ሊመጣ ይችላል? ያለኝ አንድ ልጅ።»

«ታዲያ ለምን አልጠየቁም?»

የቆረጡትን ጠፍር በጣታቸው ጠቀለሉት። «ብጠይቅ ይነግሩኛላ» አሉኝ። «ልነሣ ልጠይቅ ስል አንቺ ሳህን ይዘሽ ገባሽ። ተረት ንገረኝ አልሽ። ተረት የሚጠየቅ ሰው ገና ምንም አልሆነ። አንቺ እስክትተኝ ድረስ ሙሉቀን ለእኔ መንገድ ላይ ነበር።» ቢላዋቸውን መልሰው አነሡ። «ለልጅ ከባድ ነበር። ያንቺ እናት ደግሞ ጨካኝ ናት። እግዜር ይስጣት በይልኝ።»

ከክረምት በኋላ ወደ ወንድማቸው ዘንድ ዳባት ሄዱ። የጎሕን ተረት ከሌላ ሰው ሰምቼ አላውቅም።

አስማረ ከሞተ በኋላ እነዚያን ምሽቶች ሳስብ መጀመሪያ ቁጣዬ ባሰብኝ። አያ ታከለ አውቀው ነው የዘገዩት፤ እኔ ግን አላወቅሁም፤ ማንም አልጠየቀኝም። ደግሞም ሸክላ ሠሪዋ በኋላ ለባላደራዎቹ ምን እንዳለቻቸው ተረቱ አይናገርም። ምናልባት ገንቦዎቿን አንድ በአንድ ሰብራባቸው ይሆናል። ልጅ ስለነበርሁ አልጠየቅሁም፤ አሁን የምጠይቀው ሰው የለም። ይሁንና ስጽፍ ስጽፍ፣ ያን ማታ የሳቅሁት ሳቅ ጉሮሮዬን ሲቧጥጠኝ እንደገና ተሰማኝ። ስንዱ ከእኔ ጋር ከአንድ ሳህን ስትበላ ጉሮሮዋ እንዴት እንደነበር ለመጀመሪያ ጊዜ አሰብሁ።

ይህን ጽፌ ሳልጨርስ ባለፈው እሑድ ደወልሁላትና መጣች። ገብታ ነጠላዋን እንኳ ሳትፈታ ከበሩ አጠገብ ባለው ወንበር ጫፍ ተቀመጠች፤ እንደ እንግዳ።

«ያን ማታ ምን አደረግን?» አልኋት። «ንገሪኝ። ከእራቱ በቀር ሁሉም ጠፍቶብኛል።»

«እራት በላን። ከዚያ አንቺ ዕቃ አጠብሽ።» ወለሉን ስታይ ቆየች። «እያንጎራጎርሽ።»

«እኔ?»

«አንቺ። አስማረ ከተኛ ጀምሮ ድምፅሽን ሰምቼው አላውቅም ነበር። ጠዋት ሐኪሙ ተሽሎታል ብሎሽ ነበራ። እኔኮ ልነግርሽ ነበር የመጣሁ፤ ወጉ ይቅር ብዬ። እራቱን እንደምንም ብዬ ዋጥሁት። ከዚያ ልነግርሽ ተነሥቼ ከማድ ቤቱ በር ላይ ቆምሁ። ዘፈኑን እስክትጨርስ ልጠብቅ ብዬ ነው። ጨረስሽና ሌላ ጀመርሽ።»

ያን ማታ ዘፍኜ እንደነበር አላስታውስም፤ አሁን ይህን ስጽፍም አይታወሰኝም። ከሚቀጥለው ጠዋት በፊት ያለው አብዛኛው ከእኔ ዘንድ ተጠርጎ ሄዷል።

«ምን ነበር የዘፈንሁት?» አልኋት።

«እኔ ምን አውቄ? ዘፈን የምለይ ነኝ?»

«እስኪ እንደሆነልሽ በይው።»

ስንዱ ከልጅነቷ ጀምሮ ድምፅ የላትም፤ በሠርግ ቤት እንኳ ተይ ይሏት ነበር። አፍራ ወደ መስኮቱ ዞረችና አንጎራጎረች። አልለየሁትም። እንደገና በይው አልኋት፤ አለችው፤ አሁንም አልለየሁትም። ባል ያለኝ መስሎኝ ያሳለፍሁት የመጨረሻ ማታ በዚያች በተሰበረች ድምፅ ውስጥ ብቻ ነው ያለው፤ ከሌላ ከየትም አላገኘውም። ነጠላዋን ፈትቼ ሰቀልሁላትና እንደገና በይው አልኋት።